ኃያሉ ጎረቤት በሩን የዘጋበት ቀን፦ የሰዎች ነፃ ዝውውር ስምምነቶችን ለሚያጠኑ የአሠራር መመሪያ

ስለ ቀጣናዊ ውህደት የሚጻፉ ብዙ የመመረቂያ ጽሑፎች የሚከተሉት መንገድ አንድ ዓይነት ነው። ፕሮቶኮሉ ይጠቀሳል፣ የተፈረመበት ቀን ይሰፍራል፣ አፈጻጸሙ ደካማ መሆኑ ይነገራል፣ በመጨረሻ «የፖለቲካ ቁርጠኝነት ማነስ» የሚል ምክንያት ይቀርባል። ይህ ምክንያት ምንም አያስረዳም። መንግሥታት ለአንዱ ስምምነት ቆርጠው ተነሥተው ለሌላው የሚያመነቱት ለምንድን ነው? የአፍሪካ አህጉራዊ ነፃ የንግድ ቀጣና ስምምነት በማርች 2018 ኪጋሊ ላይ ተፈርሞ 22 አገሮች ሲያጸድቁት በሜይ 30 ቀን 2019 ሥራ ላይ ዋለ። ከእሱ ሁለት ወር ቀድሞ በጃንዋሪ 2018 አዲስ አበባ ላይ የወጣው የሰዎች ነፃ ዝውውር ፕሮቶኮል የሚጠይቀው 15 ማጽደቂያ ብቻ ነው፤ ያጸደቁት ግን ሩዋንዳ፣ ኒጀር፣ ማሊ እና ሳኦ ቶሜና ፕሪንሲፔ ናቸው። መሪዎቹ ያው፣ ጊዜውም ያው ነው። ዕቃ ድንበር ሲያልፍ መንግሥት የሚያጣውና ሰው ድንበር ሲያልፍ የሚያጣው ግን ይለያያል።

ስለዚህ ጥያቄው «ማን፣ መቼ፣ ምን ሊከፍል አልፈለገም?» መሆን አለበት። በቀጣናው ውስጥ ከሌሎቹ እጅግ የገዘፈ አገር ካለ፣ ማለትም በዘርፉ አጠራር ሄጌሞን የሚባለው፣ የስምምነቱ ትክክለኛ ይዘት የሚታወቀው ያን አገር ዋጋ ባስከፈለበት ቀን ነው። ጥናቱም ከፊርማው ሥነ ሥርዓት ሳይሆን ከዚያ ቀን ተነሥቶ ወደ ኋላ ቢሄድ የተሻለ ውጤት ይሰጣል። ከዚህ በታች አሠራሩን በምዕራብ አፍሪካ አገሮች የኢኮኖሚ ማኅበረሰብ፣ በኢኮዋስ፣ እናሳያለን። በአህጉራችን በሰዎች ዝውውር ረጅም ታሪክና የተሟላ ሰነድ ያለው እሱ ስለሆነ ነው። ኢጋድ ላይ የሚሠሩ የሚለዩባቸውን ቦታዎች እየጠቆምን እንሄዳለን። ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

የፈተናውን ቀን መምረጥ

ለፈተና የሚሆን ቀን ሦስት ነገር ማሟላት አለበት። ኃያሉ አገር የደረሰበት ጉዳት በቁጥር ሊታይ ይገባል፤ ውሳኔው በይፋ የተነገረ፣ ቀኑም የሚታወቅ መሆን አለበት፤ ስምምነቱ ደግሞ በዚያ ቀን አስገዳጅ መሆን አለበት። ብዙዎች የሚሳሳቱት በሦስተኛው ነው። ጋና በኖቬምበር 1969 የመኖሪያ ፈቃድ የሌላቸውን የውጭ ዜጎች በሁለት ሳምንት ውስጥ እንዲወጡ ማዘዟ የኢኮዋስን መርህ እንደ መጣስ ተቆጥሮ ሲጻፍ ይታያል። ኢኮዋስ የተመሠረተው ግን በሜይ 28 ቀን 1975 ነው። የጋናው ድርጊት ለመነሻ ታሪክ ይጠቅማል፤ ለፈተና ግን አይሆንም።

ለናይጄሪያ ትክክለኛው ቀን ጃንዋሪ 17፣ 1983 ነው። በዚያ ቀን የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩ ሕጋዊ ሰነድ የሌላቸው የውጭ ዜጎች በሁለት ሳምንት ውስጥ አገሪቱን ለቅቀው እንዲወጡ አስታወቁ። ከአንድ ሚሊዮን በላይ ሰው ወጣ፤ የሚበዙት ጋናውያን ነበሩ።

እዚህ ላይ በአማርኛ ለሚጽፍ ሰው አንድ ማስጠንቀቂያ አለን። የውጭ ምንጮችን ወደ ዓመተ ምሕረት ስትመልሱ ሁልጊዜ ስምንት አትቀንሱ። ከመስከረም 1 እስከ ዲሴምበር መጨረሻ የሚቀነሰው ሰባት ነው፤ ከጃንዋሪ እስከ ጳጉሜን ስምንት። የጋናው ትእዛዝ በ1962 ዓ.ም.፣ የናይጄሪያው በ1975 ዓ.ም. ይወድቃል ማለት ነው። ይህን የሚያምታታ ጽሑፍ የክስተቶቹን ቅደም ተከተል ያፈርሳል፤ ቅደም ተከተል ከፈረሰ ደግሞ የምክንያትና የውጤት ክርክር አይቆምም።

ሰነዱን በአምስት ዓምድ ማፍታታት

የፕሮቶኮሉን ሙሉ ጽሑፍ አግኙ፤ ማጠቃለያውን ወይም የድርጅቱን መግለጫ አትጠቀሙ። ከዚያ አምስት ዓምድ ያለው ሠንጠረዥ አዘጋጁ፦ የአንቀጹ ቁጥር፣ የተሰጠው መብት፣ ግዴታው የወደቀበት አካል፣ የጊዜ ገደቡ፣ እና ከመብቱ የሚያስወጣው ልዩ ሁኔታ። አምስተኛው ዓምድ ከሁሉም ይበልጣል፤ ኃያሉ አገር በድርድር ያስቀመጠውን በር የምታገኙት እዚያ ነው።

በሜይ 1979 ዳካር ላይ የተፈረመው የኢኮዋስ ፕሮቶኮል እንዲህ ሲፈታታ ይህን ይመስላል። አንቀጽ 2 የመግባት፣ የመኖርና ሥራ የማቋቋም መብቶች ቢበዛ በ15 ዓመት ውስጥ ደረጃ በደረጃ እንደሚፈጸሙ ይናገራል። አንቀጽ 3 ትክክለኛ የጉዞ ሰነድና የጤና የምስክር ወረቀት የያዘ የማኅበረሰቡ ዜጋ ያለ ቪዛ ገብቶ እስከ 90 ቀን እንዲቆይ ይፈቅዳል፤ ከዚያ በላይ ለመቆየት ፈቃድ ያስፈልገዋል። አንቀጽ 4 ግን አባል አገር በራሱ ሕግ «እንዳይገቡ የተከለከሉ» ብሎ የመደባቸውን ሰዎች የመመለስ መብቱን ይጠብቅለታል። ማን የተከለከለ እንደሆነ የሚወስነው የአገሩ ሕግ እንጂ ማኅበረሰቡ አይደለም። በ15 ዓመት የሚሰጠውን መብት አንድ የአገር ውስጥ አዋጅ በአንድ ሌሊት ሊያጠብበው ይችላል ማለት ነው።

አንቀጽ 11ን በተለየ ጥንቃቄ አንብቡት። መባረርን አይከለክልም፤ እንዴት እንደሚፈጸም ግን ይደነግጋል። ውሳኔው ለሰውየው፣ ለመንግሥቱና ለኢኮዋስ ዋና ጸሐፊ መነገር አለበት፤ ወጪውን የሚያባርረው አገር ይሸፍናል፤ የሰውየውና የቤተሰቡ ደኅንነት ይጠበቃል፣ ንብረቱም ይመለስለታል።

አሁን የፈተናውን ቀን በሠንጠረዡ ላይ አስቀምጡት። «ናይጄሪያ ፕሮቶኮሉን ጣሰች» ብሎ በአንድ ዓረፍተ ነገር መደምደም ስህተት ነው፤ ጥናት ፈታኝ መምህር በመጀመሪያው ጥያቄ ያፈርሰዋል። በ1983 ሥራ ላይ የነበረው የመግባት መብት ብቻ ነው፤ የመኖሪያ መብት ተጨማሪ ፕሮቶኮል የወጣው በ1986፣ ሥራ የማቋቋሙ ደግሞ በ1990 ነው። ናይጄሪያም የምታባርረው 90 ቀናቸውን ያሳለፉትንና ያለ ሰነድ የገቡትን እንደሆነ ተከራከረች። በአንቀጽ 3 ላይ ይህ ክርክር ይቆማል። በአንቀጽ 11 ላይ ግን አይቆምም። በሁለት ሳምንት ማሳሰቢያ በጅምላ ለሚወጣ ሕዝብ ውሳኔው ለየሰዉ አልተነገረም፣ ወጪውም አልተሸፈነለትም፣ ንብረቱን ሸጦ ወይም ጥሎ ነው የሄደው። ጥሰቱ ያለው እዚህ ነው፤ የክርክራችሁን ክብደት እዚህ አሳርፉት።

ጋናም በበኩሏ በ1982 የየብስ ድንበሯን ዘግታ ስለነበር፣ እስክትከፍተው ድረስ የራሷ ዜጎች ቤኒን ላይ ታግደው ቆይተዋል። ከኃያሉ አገር ውጪ ያሉ መንግሥታትን ድርሻ የሚዘል ጥናት ሥዕሉን ግማሽ ያደርገዋል።

ለመሆኑ ኃያሉ የትኛው ነው?

የሕዝብ ብዛትና የአገር ውስጥ ምርት ሠንጠረዥ አቅርቦ «ስለዚህ ናይጄሪያ ሄጌሞን ናት» ማለት የተለመደ ነው። ናይጄሪያ በማኅበረሰቡ ውስጥ ካለው ሕዝብ ከግማሽ በላዩን መያዟ እውነት ነው። ነገር ግን ትልቅ መሆንና መምራት ሁለት የተለያዩ ጉዳዮች ናቸው። በእያንዳንዱ የፖሊሲ ጉዳይ ላይ ሦስት ነገር ጠይቁ፦ የጋራውን ወጪ ማን ይሸከማል? ሌሎቹ ሳይገደዱ የሚከተሉት ማንን ነው? እሱ እምቢ ካለ ጉዳዩ ይቆማል ወይ?

በጸጥታ ጉዳይ ሦስቱም ወደ ናይጄሪያ ያመለክታሉ፤ በ1990 ወደ ላይቤሪያ የዘመተውን የኢኮዋስ ጦር፣ ኢኮሞግን፣ በሰውም በገንዘብም የተሸከመችው በዋናነት እሷ ነበረች። የኢኮዋስ መቀመጫም አቡጃ ነው። ወደ ሰዎች ዝውውር ስትመጡ ግን መልሱ ይለወጣል። በቀጣናው ብዙ ፍልሰተኛ የምትቀበለው ኮትዲቯር ናት፤ የኮኮዋና የቡና እርሻዎቿ ከቡርኪና ፋሶና ከማሊ በመጡ ሰዎች ጉልበት ላይ ለብዙ አሥርት ዓመታት ቆመዋል። በ1990ዎቹ «እውነተኛው ኮትዲቯራዊ ማን ነው?» የሚለው ፖለቲካ ሲነሣ የደረሰው ጉዳት ከአቡጃ ውሳኔ ጋር ግንኙነት አልነበረውም። የፍልሰት ማዕከሉና የወታደራዊ ኃይሉ ማዕከል የተለያዩ መሆናቸውን ያላየ ጥናት የናይጄሪያን ሚና ከሚገባው በላይ ያገዝፈዋል።

ኢጋድ ላይ ደግሞ ችግሩ ተቃራኒ ነው። ከሕዝብ ብዛት ኢትዮጵያ ትቀድማለች፤ ከ2008 እስከ 2019 የሊቀመንበርነቱን ወንበር ሳትለቅ ቆይታለች። በንግድና በፋይናንስ ግን ኬንያ ትፎካከራታለች፤ ኬንያና ኡጋንዳ ደግሞ የምሥራቅ አፍሪካ ማኅበረሰብ አባል ስለሆኑ በ2010 ሥራ ላይ የዋለ የጋራ ገበያ ፕሮቶኮል አላቸው። የተሻለ አማራጭ ያለው አባል የኢጋድን ፕሮቶኮል ለማጽደቅ አይቸኩልም። ስለዚህ ኢጋድ ላይ «ሄጌሞኑ ማን ነው?» ብላችሁ ከመጀመር «የትኛው አባል ሌላ በር አለው?» ብላችሁ ጀምሩ።

ንድፈ ሐሳቦቹን ማፋለም

ሁለተኛው ምዕራፍ ላይ ንድፈ ሐሳቦችን ዘርዝሮ አራተኛው ምዕራፍ ላይ መርሳት የዘርፉ የቆየ በሽታ ነው። ፈውሱ ከእያንዳንዱ ንድፈ ሐሳብ አንድ ትንበያ ማውጣትና ከፈተናው ቀን ጋር ማጋጨት ነው። የመጀመሪያው፣ ኃያል አገር ለጋራ ጥቅም ወጪ ሲሸከም ውህደት ይጸናል የሚለው ነው። ይህ ትክክል ከሆነ ናይጄሪያ የነዳጅ ገቢዋ ሲያድግ በሯን ትከፍታለች፣ ሲወድቅ ትዘጋለች ማለት ነው። ከ1973 የነዳጅ ዋጋ ንረት በኋላ ብዙ ጋናውያን፣ መምህራንን ጨምሮ፣ ወደ ናይጄሪያ ጎርፈዋል፤ ዋጋው በ1980ዎቹ መጀመሪያ ሲያሽቆለቁል ተባርረዋል። ትንበያው ይሠራል። ነገር ግን 1983 በናይጄሪያ የምርጫ ዓመትም ነበር፤ ድምፅ የሚሰጠው በኦገስት ነው። የአገር ውስጥ ፖለቲካን ቅድሚያ የሚሰጠው ንድፈ ሐሳብም ተመሳሳይ ትንበያ ይሰጣል።

ሁለት ንድፈ ሐሳቦች አንድ ቀን ላይ ከተስማሙ ሌላ ቀን ያስፈልጋችኋል። በ1985 ናይጄሪያ እንደገና የውጭ ዜጎችን አባረረች። በዚያን ጊዜ በሥልጣን ላይ የነበረው ወታደራዊ መንግሥት ነው፤ ምርጫ አልነበረም። የነዳጅ ገቢው ግን አሁንም የተጎዳ ነበር። ከዚህ የተነሣ የገቢው ማብራሪያ ከምርጫው ማብራሪያ ይበልጥ ጠንካራ ነው ለማለት መሠረት ታገኛላችሁ። እንዲህ ያለ ሁለተኛ ቀን ሳይፈለግ የሚቀርብ ድምዳሜ ግምት ብቻ ነው።

በኦገስት 2019 ናይጄሪያ የየብስ ድንበሯን ስትዘጋ ዓላማው ሩዝን የመሰለ የኮንትሮባንድ ዕቃ ማስቆም ነበር፤ ድንበሩ መከፈት የጀመረው በዲሴምበር 2020 ነው። ይህን ከ1983 ጋር በአንድ ረድፍ አታስቀምጡት። የተከለከለው ዕቃ ነው፤ ሰዎች የተጎዱት አብረው ነው።

ከቀጣናው ውጪ ያለው እጅ

ቀጣናዊ ኃይልን ብቻ ያየ ጥናት ከ2015 ወዲህ ያለውን ነገር ሊያስረዳ አይችልም። በኖቬምበር 2015 ማልታ ውስጥ በቫሌታ በተደረገው ጉባኤ የአውሮፓ ኅብረት ለአፍሪካ የአስቸኳይ ጊዜ ፈንድ አቋቋመ። በዚያው ዓመት ሜይ ላይ ኒጀር ፍልሰተኞችን በሕገ ወጥ መንገድ ማጓጓዝን የሚቀጣ ሕግ ቁጥር 36 አውጥታ ነበር። ሕጉ በኒጀር ሰሜን ባለችው በአጋዴዝ ከተማ ሲተገበር፣ የኢኮዋስ ዜጋ ሆኖ በኒጀር ግዛት ውስጥ ወደ ሰሜን የሚጓዝ ሰውን የጫነ ሹፌር መታሰር ጀመረ። ተሳፋሪው በ1979ኙ ፕሮቶኮል የመግባት መብት አለው፤ ሹፌሩ ግን ወንጀለኛ ሆነ። የኒጀር ወታደራዊ መንግሥት ሕጉን የሻረው በኖቬምበር 2023 ነው።

ይህን ለማግኘት የገንዘብ ምንጭ ዓምድ በሠንጠረዡ ላይ ጨምሩ። ኢጋድ ላይ ስትሠሩ ይህ ዓምድ ብዙ ይናገራል። በፌብሩዋሪ 2020 ካርቱም ላይ ሚኒስትሮች የተቀበሉት የኢጋድ የሰዎች ነፃ ዝውውር ፕሮቶኮል የተዘጋጀው በዚያው የአውሮፓ ፈንድ ድጋፍ ነው። በ2014 ሮም ላይ በተጀመረው የአውሮፓና የአፍሪካ ቀንድ አገሮች የፍልሰት ምክክር፣ በካርቱም ሂደት፣ ሥር ድንበር ጠባቂዎችን የሚያሠለጥነውና የፍልሰት ቁጥጥርን የሚያጠናክረው ፕሮግራምም ከዚያው ፈንድ ይከፈል ነበር። አንዱ ከፋይ በሩን የሚከፍተውንም የሚጠብቀውንም ይደግፍ ነበር። ይህ ሴራ አይደለም፤ በይፋ የወጣ ሰነድ ነው። የትኛው ክፍል ቶሎ እንደተፈጸመ፣ የትኛው በረቂቅ እንደቀረ ቀን በቀን ማነጻጸር ግን ራሱን የቻለ ጥናት ይወጣዋል፤ ከአማርኛ ተናጋሪ ተማሪዎች መካከል አንዱ ቢሠራው የምንመኘው ርእስ ነው።

ማነጻጸሪያ መፈለግ

ነፃ ዝውውር ባለበት ሁሉ ዝውውሩን የስምምነቱ ውጤት አድርጋችሁ አትቁጠሩት። የምዕራብ አፍሪካ ነጋዴና አርብቶ አደር ከ1979 በፊትም ይንቀሳቀስ ነበር። የማሊ፣ የቡርኪና ፋሶና የኒጀር ከኢኮዋስ መውጣት እዚህ ላይ ጥሩ ፈተና ይሰጣል። ሦስቱ መውጣታቸውን በጃንዋሪ 28፣ 2024 አስታወቁ፤ በተሻሻለው ስምምነት አንቀጽ 91 መሠረት የአንድ ዓመት ጊዜው ሲያልቅ በጃንዋሪ 29፣ 2025 መውጣቱ ጸና። ግን ሦስቱ መንግሥታት አስቀድመው የኢኮዋስ ዜጎች ያለ ቪዛ እንደሚገቡ ገለጹ፤ ኢኮዋስም እስከሚቀጥለው ውሳኔ የዜጎቻቸውን ሰነድ መቀበሉን እንደሚቀጥል ተናገረ። አባልነቱ ቆመ፣ ዝውውሩ ግን አልቆመም። ፕሮቶኮሉ ለዝውውሩ ምን ያህል አስተዋጽኦ እንዳለው ለሚጠይቅ ሰው ከዚህ የተሻለ ማስረጃ በቅርቡ አልተገኘም።

ከአህጉሩ ውጪ ማነጻጸሪያ ከፈለጋችሁ ኪርጊስታንና ታጂኪስታን ይመቻሉ። ሁለቱም ብዙ ሠራተኛ ወደ ሩሲያ ይልካሉ። ኪርጊስታን በ2015 በሩሲያ የሚመራውን የዩሬዥያ ኢኮኖሚ ኅብረት ስትቀላቀል ሠራተኞቿ የሥራ ፈቃድ ከመግዛት ነፃ ሆኑ፤ የታጂኪስታን ሠራተኞች ግን እየገዙ ቀጠሉ። ኃያሉ አገር የሥራ ገበያውን ለአባልነት ማባበያ ያደረገበት ግልጽ ሁኔታ ነው። ደቡብ አፍሪካ ደግሞ በደቡባዊ አፍሪካ የልማት ማኅበረሰብ፣ በሳድክ፣ ውስጥ የያዘችው ሌላ ጫፍ ነው፤ በ1990ዎቹ የቀረበውን የነፃ ዝውውር ረቂቅ ተቃወመች፣ በምትኩ በ2005 የወጣው ለስለስ ያለ ፕሮቶኮልም በቂ ማጽደቂያ አላገኘም። በኬንያ፣ በታንዛኒያና በማላዊ አቋርጦ ወደ ጆሃንስበርግ የሚጓዘው ኢትዮጵያዊ የሚያልፈው በሁለት ቀጣናዊ ማኅበረሰቦች፣ በምሥራቅ አፍሪካ ማኅበረሰብና በሳድክ፣ ግዛት ነው፤ አገሩ ግን የሁለቱም አባል አይደለችም።

ስምምነት ከሌለ ምን እንደሚሆን ለማየት 2013ን ውሰዱ። ሳዑዲ ዓረቢያ ከኖቬምበር ጀምሮ ሰነድ የሌላቸውን ሠራተኞች ስታስወጣ ከ160 ሺህ በላይ ኢትዮጵያውያን ተመለሱ። የባሕረ ሰላጤው ትብብር ምክር ቤት ዜጎች በአባል አገሮቹ መካከል በነፃ ይንቀሳቀሳሉ፤ ለሌላው ሠራተኛ በዚያን ጊዜ የነበረው የከፋላ ሥርዓት፣ ማለትም የሠራተኛውን ፈቃድ ከአሠሪው ዋስትና ጋር የሚያስረው አሠራር ነው። የ1983ቱን ጋናዊ ከ2013ቱ ኢትዮጵያዊ ጋር በአንቀጽ 11 መለኪያዎች አነጻጽሩ፦ ማሳወቂያ፣ ወጪ፣ ደኅንነት፣ ንብረት። ፕሮቶኮል የነበረው ጋናዊ ምን የተሻለ ነገር አገኘ? በ1983 ይግባኝ የሚባልበት የኢኮዋስ ፍርድ ቤት አልነበረም፤ ግለሰቦች ቀጥታ መክሰስ የቻሉት ከ2005 ወዲህ ነው። መብት ተጽፎ ዳኛ ሳይኖረው ሲቀር ልዩነቱ ምን ያህል ጠባብ እንደሚሆን ይህ ንጽጽር በግልጽ ያሳያል።

ቁጥሮቹ ላይ የሚበላሸው

የተባበሩት መንግሥታት የፍልሰተኞች ብዛት ሠንጠረዥ የሚያሳየው በአንድ ዓመት በአገሩ ውስጥ የተገኙትን ነው፤ በዚያ ዓመት የገቡትን አይደለም። ሁለቱን ማደባለቅ ከሁሉ የሚበዛው ስህተት ነው። በብዙ አገሮች ስደተኞችም በዚሁ ቁጥር ውስጥ ይቆጠራሉ፤ ኡጋንዳን ወይም ኢትዮጵያን ስታነሡ የደቡብ ሱዳን ስደተኞችን ለይታችሁ ካላወጣችሁ የሥራ ፍልሰት ያደገ ይመስላል። አንዳንዱ አገር ፍልሰተኛን በትውልድ ቦታ፣ ሌላው በዜግነት ይለያል፤ በሠንጠረዡ የግርጌ ምልክት ላይ ተጽፏል፣ አንብቡት። የዓለም አቀፉ የፍልሰት ድርጅት በኬላዎች ላይ የሚሰበስበው መረጃ ደግሞ እንቅስቃሴን እንጂ ሰውን አይቆጥርም፤ በወር ሦስት ጊዜ ያለፈ ሰው ሦስት ሆኖ ይመዘገባል።

ተመላሾችን ስታነጋግሩ ስሜታቸውን ብቻ አትጠይቁ። በዚያ ቀን በእጃቸው የነበረው ሰነድ ምን እንደነበር፣ ማሳወቂያ በምን መንገድ እንደደረሳቸው፣ የመመለሻውን ዋጋ ማን እንደከፈለ፣ ያልተከፈለ ደመወዝ ወይም የቀረ ንብረት እንዳለ ጠይቁ። እነዚህ መልሶች ቀጥታ ወደ አንቀጽ 11 ዓምዶች ይገባሉ። ስም፣ የፓስፖርት ቁጥርና የመንደር ስም አትመዝግቡ፤ በድጋሚ ለመሄድ ያሰበ ሰው ሊጎዳበት ይችላል።

ጽሑፉን ከማስረከባችሁ በፊት በነበረው ሳምንት የማጽደቂያ ዝርዝሩን እንደገና ተመልከቱ። የአፍሪካ ኅብረት ለየስምምነቱ የፈረሙትን፣ ያጸደቁትንና የማጽደቂያ ሰነዳቸውን ያስገቡትን አገሮች በሦስት የተለያዩ ዓምዶች ያወጣል። የሚያስገድደው ሦስተኛው ዓምድ ነው። የፈረመን አገር እንዳጸደቀ ቆጥሮ የጻፈ ሰው ሠንጠረዡን ከመጀመሪያው መሥራት ይኖርበታል።